የጋሼ ዲተር ካውቦዮች

ካትሪን ስትደውልልኝ ቴክሳስ፣ ፕሌኖ ከተማ ውስጥ አንድ ክሊኒክ በር ላይ ፓርክ አድርጌ ቀጣዩን በሽተኛ እየጠበቅሁ ነበር። ሐሙስ ጠዋት ነው።

«ሰይድ፣ አባቴ አረፈ» አለችኝ። «በእንቅልፍ ልቡ ነው። ቡና ይዤለት ስገባ ነው ያየሁት።»

«ኢናሊላሂ» አልኩ፣ ከአፌ የወጣው እሱ ነው።

«ነገ እንዳትመጣ ብዬ ነው የደወልኩት» አለች ቀጥላ። «በሩ ላይ ቆመህ ክላክስ እንዳታደርግ።»

አላህ ይቅር ይበለኝ፣ ያኔ ሳቄ መጣ። እሷ ሥራ ስለምትሄድ አታውቅም እንጂ፣ እኔ በዚያ ቤት በር ላይ ክላክስ ካደረግሁ ሁለት ዓመት አልፎኛል። ተከልክያለሁ። የከለከሉኝ ራሳቸው ሟቹ ናቸው። «የመኪናህ ጥሩምባ ሁለት ኖታ መሃል ተቀርቅሮ የቀረ በግ ነው የሚመስለው። ስትደርስ ዝም ብለህ ቁም፣ እኔ እወጣለሁ» ብለውኛል። ደግሞም ይወጡ ነበር።

ስማቸው ዲተር ነው። ጀርመናዊ ናቸው፤ ዕድሜ ልካቸውን ለፊልም ሙዚቃ ሲደርሱ የኖሩ ሰው። ሚስታቸው ሞተው፣ የእሳቸውም ኩላሊት ሥራ ሲያቆም፣ አንዲት ልጃቸው ካትሪን ከሙኒክ አምጥታ ፕሌኖ ቤቷ አስቀመጠቻቸው። እኔ በሽተኛ የሚያመላልስ ካምፓኒ ውስጥ ሹፌር ነኝ። ሰኞ፣ ረቡዕና ዓርብ ለኩላሊት እጥበት የሚወስዳቸውና የሚመልሳቸው ሰው ሆኜ ተመደብኩ። ትውውቃችን ይኸው ነው።

የመጀመሪያው ቀን ዝናብ ነበር። የኋላውን በር ከፍቼ ጃንጥላ ይዤ ብቆም ዞር ብለውም አላዩኝ። የፊቱን በር ራሳቸው ከፍተው ገቡ። ሕጉ ከኋላ ነው ብላቸው፣ «ከኋላ የሚቀመጡት ሬሳና ፕሮዲዩሰር ናቸው» አሉ። ኦኬ ብዬ ተነሳሁ። ሁለት መንገድ ሳንታጠፍ ደግሞ፣

«አይጋጭብህም?» አሉኝ።

ደንግጬ ፍሬን ያዝኩ። «ምኑ?»

«ምቱ! የዝናብ መጥረጊያህ በሦስት ነው የሚመታው። ፍሬቻህ ደግሞ በአራት። እንዴት ብለህ ነው በዚህ መሃል የምትኖረው?»

መኪናዋን ስድስት ዓመት ነድቻታለሁ፤ አንድም ቀን ተሰምቶኝ አያውቅም። ከዚያ ቀን ጀምሮ ግን ዝናብ በዘነበ ቁጥር ይሰማኛል። ፍሬቻ ሳላበራ ልታጠፍ ሁሉ ይቃጣኛል።

በሁለተኛው ሳምንት፣ «በአገርህ ሽማግሌ ሰው ምን ተብሎ ነው የሚጠራው?» ብለው ጠየቁኝ። ጋሼ አልኳቸው። ቃሏን ሁለት ሦስት ጊዜ በአፋቸው አገላብጠው ቀመሷትና፣ «ጥሩ ነው። መጀመሪያው ጠንካራ፣ መጨረሻው ለስላሳ» ብለው ወሰዷት። ከዚያ በኋላ ሚስተር ዲተር ብላቸው መልስ አይሰጡም።

ሰው ሁሉ ለእሳቸው የሙዚቃ መሣሪያ ነው። የእጥበቱ ነርስ ክላሪኔት፣ የሕንፃው ጥበቃ ቱባ። ካትሪንን ቫዮላ ይሏታል፤ «የምትለው ሁሉ ትክክል ነው፣ ግን ማንም አያጨበጭብላትም» ይሉ ነበር። እኔ ምን እንደሆንኩ ስጠይቃቸው ብዙ አላሰቡም።

«አንተ ባስ ነህ፤ ከሥር የሚሄደው ወፍራም ድምፅ። ባስ አይሰማም። ከጠፋ ግን ቤቱ ይፈርሳል።»

ዋይሊ ከተማ ያለው ቤቴ ስገባ ለሚስቴ ለሩቅያ ደስ ብሎኝ ተረጎምኩላት። እሷ ጠብቆ የተነገረውን ቃል አላልታ ያዘችው። «እውነታቸውን ነው! መች ጠፋኝ፣ አይሰማም! ስንት ጊዜ ነግሬሃለሁ የጋራዡን በር አሠራ ብዬ።»

መንገዱ ሠላሳ ደቂቃ ይፈጃል። በዚያ ሠላሳ ደቂቃ፣ በሳምንት ስድስት ጊዜ፣ ሕይወታቸውን ቁራጭ በቁራጭ ነገሩኝ። የተወለዱት ጦርነቱ ባለቀ ሰሞን ነው። አባታቸው የቤተ ክርስቲያን ኦርጋን ጠጋኝ ነበሩ። ልጅ ሳሉ ኦርጋኑ ውስጥ ገብተው ቧንቧ ያጸዱ ስለነበር፣ «ሙዚቃን ያወቅሁት ከሆዱ ነው» ይሉ ነበር። ሃያ ሁለት ዓመት ሲሆናቸው ሙኒክ ወርደው አንድ ፊልም ሠሪ ቤት ኖታ ገልባጭ ሆኑ፤ ሌላው የደረሰውን በእጅ እየገለበጡ ለተጫዋቾቹ ማደል ነው ሥራው። አንድ ጊዜ ዋናው የሙዚቃ ደራሲ ጥርሱን አሞት ቀረ። ኦርኬስትራው በነጋታው ሊቀዳ ነው፣ አንድ ባቡር ዋሻ የሚገባበት ቦታ ግን ገና አልተጻፈም። ጋሼ ዲተር ማንንም ሳያስፈቅዱ ጽፈው ከሌላው ጋር አደሉት።

«ተቀድቶ ሲያበቃ ዳይሬክተሩ ተነሳ። ይሄንን ባቡር ማን ነው የጻፈው? ብሎ ጮኸ። ሊያባርረኝ ነው ብዬ ከፒያኖው ሥር ተደበቅሁ።»

«እውነት ከሥር?»

«እውነት። ያኔ ቀጭን ነበርኩ። ትሮምቦን የሚነፋው ሰውዬ በእግሩ አሳየው። ቀጣዩ ፊልም የእኔ ሆነ።»

ቀጣዩ ፊልም የካውቦይ ፊልም ነበር። ከእሱም በኋላ ሌላ ካውቦይ፣ ሌላ ካውቦይ። ጀርመኖች በዚያ ዘመን ካውቦይ እንደሚወዱ ያወቅሁት ከእሳቸው ነው። ፊልሙ የሚነሳው ስፔን ውስጥ ደረቅ መሬት ላይ፣ ተዋንያኑ ግማሹ ጀርመን ግማሹ ስፔን፣ ሙዚቃው የሚጻፈው ደግሞ ሙኒክ ውስጥ በረዶ እየጣለ። ፊልሙ መጨረሻ ላይ ስም ሲወጣ የእሳቸው ሁልጊዜ ተሳስቶ ነው የሚጻፈው። አንድ ጊዜ ጭራሽ ዘለውት፣ የፈረሶቹ አሠልጣኝ ስም ሁለቴ ወጥቷል። ከካውቦይ በኋላ የቴሌቪዥን መርማሪ ፖሊሶች መጡ። ከዚያ አንድ ኮምፒውተር ይዞ ኦርኬስትራ የሚተካ ጎረምሳ መጣ። እሳቸውም ኮምፒውተሩን ተማሩት፣ አልወደዱትም።

«የመጨረሻ ሥራዬ የውሻ ምግብ ማስታወቂያ ነው» አሉኝ አንድ ረቡዕ። አዘንኩላቸው። «አትዘን» አሉ፣ «ውሻው ከካውቦዮቹ ሁሉ የተሻለ ተዋናይ ነበር።»

ቴክሳስ ከመጡ በኋላ ግን አንድ ነገር ያበሳጫቸው ነበር። ሃያ ዓመት ሙሉ ሙዚቃ የጻፉለት አገር የለም። ካትሪን ቤት ዙሪያውን አንድ ዓይነት ጣሪያ፣ አንድ ዓይነት ሣር፣ ከዚያ መስታወት የለበሰ ቢሮ ነው። «ፈረሱ የታለ? ከብቱስ?» እያሉ ይነዘንዙኛል። በመጨረሻ አንድ ማክሰኞ፣ የእረፍት ቀኔ ስለነበር፣ በራሴ መኪና ፎርት ወርዝ ወሰድኳቸው። እዚያ የድሮው የከብት ገበያ መንገድ ላይ ቀንዳቸው የትየለሌ የሆነ ከብቶች በቀን ሁለቴ ለቱሪስት እየተነዱ ያልፋሉ።

ፀሐዩ ሳይበረታ ደረስን። አግዳሚ ላይ ተቀምጠን ጠበቅን። ጋሼ ዲተር ክራቫት አድርገዋል፤ ትልቅ ሰው እንደሚቀበል ሰው። ከብቶቹ መጡ። እንዴት ልበላችሁ፣ ከጁምዓ ሶላት ወጥተው እያወጉ ወደ ቤት እንደሚሄዱ ሽማግሌዎች ነው የሚራመዱት። አንዱ ቆሞ መሬት አሸተተ። ሌላው የፊተኛውን ጭራ እያየ ተከተለ። ካውቦዩ ፈረሱ ላይ ሆኖ አዛጋ።

ጋሼ ዲተር በዓይናቸው ተከተሏቸው። ከዚያ ትከሻቸው መንቀጥቀጥ ጀመረ። እያለቀሱ መስሎኝ ክንዳቸውን ያዝኳቸው። ሳቅ ነው።

«ሰይድ! ሃያ ዓመት ሙሉ አስጋልቤያቸዋለሁ! ከበሮ፣ ትራምፔት፣ ስምንት ሰው ጥሩምባ ሲነፋ! እነሱ ግን… እያቸው እስቲ! ቀስ ነው የሚሉት!»

እንባቸው እስኪወርድ ሳቁ። አጠገባችን የነበሩ ቱሪስቶችም ምን እንደሆነ ሳያውቁ አብረው ሳቁ። እኔም ሳቅሁ።

ስንመለስ ግን ሳቁ መንገድ ላይ ቀረ። «እጥበቱን ላቆም ነው» አሉኝ።

«ለዛሬ?»

«ለሁልጊዜ። ሐኪሙ መብትህ ነው ብሎኛል። ለካትሪን ዓርብ እነግራታለሁ።» ድምፃቸው ላይ ምሬት የለም። «ፊልሙ አልቋል፣ ሰዉም ወጥቷል። እኔ ብቻ ባዶ አዳራሽ ውስጥ ተቀምጫለሁ።»

እጥበት ያቆመ ሰው ከሁለት ሳምንት ብዙ እንደማይቆይ አውቃለሁ። እጥበቱ ክሊኒክ ያመላለስኳቸው፣ አንድ ቀን «ከእንግዲህ አትምጣ» ያሉኝ ሰዎች ነበሩ። በሃይማኖታችን ስለዚህ ነገር የሚባለውንም አውቃለሁ። ግን ለአንድ ክርስቲያን ሽማግሌ ሃይዌይ ላይ ልስበክ? አፌ ራሱ የፈለገውን ተናገረ።

«ልጄ ፊልም እየሠራች ነው» አልኩ። «ሙዚቃ የሚሠራላት ሰው አጥታለች።»

ግማሹ እውነት ነው። ልጄ ሱመያ ኮሌጅ ፊልም ትማራለች፣ የተርሙ ሥራዋንም እየቀረጸች ነበር። ሙዚቃ ያጣች ግን አልነበረችም፤ ጠይቃኝም አታውቅ።

ጋሼ ዲተር ፊታቸውን ወደ መስኮት አዞሩ። አልሰሙኝም ብዬ ነበር።

«ስንት ደቂቃ ነው?»

«አሥራ ሁለት።»

«ስለ ምን?»

«ስለ እናቷ። ሚስቴ መኪና መንዳት እየተማረች ነው።»

«አደጋ አለበት?»

«እስካሁን አንድ የፖስታ ሣጥን።»

አሰቡ። «መቼ ነው የምታስረክበው?»

«ከሁለት ወር በኋላ።»

«ሁለት ወር ለምንም አይበቃም» ብለው ተቆጡ። ቁጣቸውን ስሰማ እፎይ አልኩ። «በሕይወቴ የማስረከቢያ ቀን አሳልፌ አላውቅም። ዓርብ ከእጥበት በኋላ ልጅቷን አምጣት።»

ከእጥበት በኋላ አሉ። ልብ በሉልኝ።

ቤት ገብቼ ለሱመያ ነገሩን እንዳለ ነገርኳት። ሶፋው ላይ ላፕቶፕዋን ታቅፋ ሰማችኝ።

«ዌይት፣ አባ። እኔ እኮ ሙዚቃ አለኝ። ማለቴ፣ ከኦንላይን በፍሪ አወረድኩ።»

«አጥፊው።»

«ሶ… እኔ ፊልሙን እስካልጨረስኩ ድረስ እሱ አይሞትም?»

«እሳቸው በይ። አላህ ነው የሚያውቀው እንጂ እንደሱ አይባልም።» ጃኬቴን ሰቀልኩና፣ «ግን አዎ» አልኳት።

«ኦ ማይ ጋድ። አባ፣ ይሄ ለእኔ በጣም ብዙ ፕረሸር ነው!»

ዓርብ ወሰድኳት። ካትሪን ሳሎን ውስጥ የቤተሰብ ፎቶ የተደረደረበት ፒያኖ አለ፤ ከመጡ ጀምሮ ማንም ከፍቶት አያውቅም። ጋሼ ዲተር ፎቶዎቹን አንድ በአንድ ምንጣፉ ላይ ደርድረው ከፈቱት። እጃቸው ይንቀጠቀጣል። ስለዚህ እሳቸው ያንጎራጉራሉ፣ አንዳንዱን በአንድ ጣት ይነኩታል፣ ሱመያ በስልኳ ትቀዳለች።

የመጀመሪያ ጠባቸው ሩቅያ ፈተና ወድቃ መሪውን እንደያዘች ቁጭ ባለችበት ቦታ ላይ ነው። ሱመያ ቫዮሊን ፈለገች።

«እዚህ ሙዚቃ የለም» አሉ።

«ሰዉ እንዲያዝን ነው የምፈልገው።»

«እናትሽ አዝናለች። አይበቃም? ቫዮሊን ካስገባሽ ሰው የሚያየው ቫዮሊኑን ነው።»

ተጨቃጨቁ። እኔ ኩሽና ገብቼ ውሃ ጠጣሁ። ስመለስ እሷ እያኮረፈች ድምፁን አጥፍታ ደግማ እያየችው ነው፤ ከዚያ በእንግሊዝኛ ለራሷ የሆነ ነገር አለች፣ ቫዮሊኑም ቀረ።

ሁለት ወሩ ሲደርስ ሙዚቃው አልቆ ነበር። ሱመያ ደወለችልኝ። «አባ፣ ኢትስ ዳን። ምን ላድርግ?»

«አንድ ነገር ቀይሪ።»

ቀየረች። ያጠረውን አስረዘመች፣ የረዘመውን ቆረጠች። ምስሉ ሲቀየር ሙዚቃውም እንደገና ይለካል። ጋሼ ዲተር መኪናዬ ውስጥ እየገቡ፣ «ዳይሬክተሮች! ሁሉም አንድ ናቸው!» ይላሉ፣ ግን ይገባሉ። በወሩ ሌላ ቀየረች። የኮሌጁ ማስረከቢያ ቀን አለፈ፤ አስተማሪዋ ሥራሽ አልተሟላም ብሎ ኢንኮምፕሊት ሰጣት፣ ተማሪዎቹ ፊልማቸውን ሲያሳዩ እሷ ከታች ቁጭ ብላ አጨበጨበች። አንድ ቃል አላማረረችም። ልጄን ያኔ ነው ያወቅኋት ብል ውሸት አይሆንም።

ከዚያ ደግሞ ያላሰብነው መጣ። ሩቅያ በሦስተኛው ሙከራ ፈተናውን አለፈች። እልልታዋ የመንጃ ፈቃዱን ቢሮ አስደነገጠው። ሱመያ ይህንንም ቀርጻ ይዛ ስትመጣ ጋሼ ዲተር ጭንቅላታቸውን ያዙ።

«እናትሽ ፊልሙን አበላሸችው! አሁን ደስ የሚል መጨረሻ ልጻፍ ነው። ደስታ ከሁሉም ይከብዳል!»

ሩቅያ ራሷ ቤታቸው ሄደች፤ እየነዳች፣ እኔ አጠገቧ ዱዓ እያደረግሁ። «ለእኔ ሞቅ ያለ ነገር ነው የሚያስፈልገኝ በልልኝ» አለችኝ። «ለካውቦይ ስምንት ሰው ጥሩምባ ከተነፋ፣ ለእኔ ቢያንስ አራት አይነፋም?» ተረጎምኩ። ጋሼ ዲተር ተነስተው እጇን ሊስሙ ጎንበስ ሲሉ እሷ እጇን ሸማዋ ውስጥ ከተተች፤ ሁለቱም በሳቅ ፈረሱ።

እንዲህ እንዲህ እያልን ዘጠኝ ወር ሄድን።

ፊልሙ የታየው አንድ ቅዳሜ ከሰዓት ከፕሌኖ አጠገብ ፍሪስኮ ከተማ ውስጥ፣ የተማሪዎች ፊልም በሚታይበት አነስተኛ አዳራሽ ነው። ጋሼ ዲተር ያንኑ ክራቫት አድርገው ከካትሪን ጎን ተቀመጡ። ከአሥራ ሁለቱ ደቂቃ ሙዚቃ ያለበት አርባ ሰከንድ ብቻ ነው። ሩቅያ ለመጀመሪያ ጊዜ ብቻዋን የምትነዳበት ቦታ። ሁለት እጇ መሪው ላይ፣ አንገቷ ወደፊት ተሰግጎ፣ በሕፃን እርምጃ ዋይሊ ውስጥ ባዶ መንገድ ላይ ትሄዳለች። ሙዚቃው ጀመረ፣ ቀስ ያለ፣ ከባድ፣ ግን የማያቆም። ሰዉ ሳቀ። ከዚያ ሳቁን ትቶ አያት። ሩቅያ አጠገቤ ሆና በነጠላዋ አፏን ያዘች።

ጋሼ ዲተር ወደ እኔ ጎንበስ ብለው፣ «የከብቶቹ እርምጃ ነው» አሉኝ። «ይሄኛው ውሸት አይደለም።»

መጨረሻ ላይ ስም ወጣ። ሱመያ በደስታዋ ብዛት ከአባታቸው ስም አንድ ፊደል አጉድላለች። ካየችው በኋላ ልታለቅስ ደረሰች። እሳቸው ግን ብድግ ብለው አጨበጨቡ። «አሁን እውነተኛ ፊልም ሆነ!»

ስንወጣ ካትሪን ወደ ኋላ ቀረት ብላ አናገረችኝ። «በልጅነቴ ሙዚቃውን የምሰማው ከተዘጋ በር ጀርባ ነው። ሲሠራ አይቼው አላውቅም ነበር። ሰይድ፣ በዚህ ዘጠኝ ወር ሳሎኔ ውስጥ አየሁት» አለችኝና ሌላ ሳትጨምር ፊቷን ጠርጋ መኪናዋን ልታመጣ ሄደች።

እኔና ጋሼ ዲተር ፓርኪንጉ ጥላ ሥር ቆመን ቀረን።

«አሥራ አንድ ጊዜ» አሉ።

«ምኑ?»

«ልጅህ ኤዲቱን የቀየረችው። አሥራ አንድ ጊዜ። ዳይሬክተር ሁለት ጊዜ ከቀየረ ይጮሃል፣ አራት ጊዜ ከቀየረ ሰው ያባርራል። ይቺ ልጅ እየሳቀች አሥራ አንድ ጊዜ ቀየረች።» በዓይናቸው ጠርዝ አዩኝ። «ከሦስተኛው ጀምሮ አውቄያለሁ።»

መሬቱ ቢከፈት እገባ ነበር። «ታዲያ ለምን ዝም አሉ ጋሼ?»

«ሁለታችሁም ውሸት አትችሉበትም። ግን ደስ ብሏችሁ ነበር የምትዋሹት። ምን ብዬ ላቋርጥ?»

ካትሪን መኪናዋን ይዛ መጣች። ስለ ሰኞ እጥበት አልጠየቅኋቸውም፤ እሳቸውም አልነገሩኝም። እሁድን ሙሉ እንደፈራሁ ዋልኩ። ሩቅያ ሁለት ጊዜ ምሳ አቅርባ ሁለት ጊዜ አነሳች። ከዚያ በኋላ ስድስት ወር እንደሚኖሩ፣ አንድ ሐሙስ ጠዋት በሁለት እጥበት መሃል ተኝተው እንደሚያልፉ ያን ቀን ማን ያውቃል?

ሰኞ በሰዓቴ ደረስኩና በሩ ላይ ቆምኩ። አምስት ደቂቃ ሆነ። የጎረቤት ሣር ማጠጫ ይዞራል። ዛሬስ አይወጡም ብዬ ስልኬን ሳነሳ በሩ ተከፈተ። ብርድ ልብሳቸውንና የተለመደች ቦርሳቸውን ይዘው፣ እየተጠነቀቁ ደረጃውን ወረዱና ገቡ።

«ፊልሙ እኮ አልቋል» አልኩ፣ አምልጦኝ።

«አዎ አልቋል» አሉ ቀበቶውን እየሳቡ። «ዛሬ ግን ሰኞ ነው። ንዳ።»